አፍ የሌለው ማሽን

አባባ አዲሱን ነጭ የጌም ማሽን ጭናቸው ላይ አስቀምጠው አፉን እየፈለጉለት ነበር። በደህናው እጃቸው፣ በግራው፣ ጎንና ጎኑን ዳሰሱት። አገላበጡት። የገመዱን መሰኪያ አገኙና ጣታቸውን አስጠግተው፣ እሱ እንዳልሆነ ሲገባቸው ተዉት። ከዚያ እንደገና ከመጀመሪያው ጎን ጀመሩ። ልብስ ሰፊዋ ልጃቸው ሻይ ይዛ በሩ ላይ ቆማ ይህን ታያለች። ከኮሪደሩ ደግሞ የታናሽ ወንድሟ ድምፅ ይመጣል፤ ባንክ ስለሚሠራ ቤቱ ሁሉ ባንከሩ የሚለው ነው። በስልክ ከጓደኛው ጋር እየሳቀ ያወራል። "አሮጌውንማ ትናንት ሸጥኩት ባክህ! ከነዲስኮቹ። አቧራ ከመሰብሰብ ሌላ ምን ይሠራል? አሁን እኮ ሁሉም ነገር ዳውንሎድ ነው፣ ከሰማይ ነው የሚወርደው። ... ማን፣ እሳቸው? እሳቸው ምን ያውቁታል፣ ስክሪኑ ላይ መኪና ከሄደላቸው በቃቸው።"

እሳቸው ሰምተዋል። በሩ ክፍት ነው፣ ኮሪደሩም ሦስት እርምጃ ነው። ስትሮኩ ከሁለት ዓመት በፊት የወሰደው ቀኝ እጃቸውንና ግማሽ ንግግራቸውን እንጂ ጆሯቸውን አልነበረም። ግን በዚያ ቤት መናገር የሚቸግረው ሰው መስማትም እንደሚቸግረው ተቆጥሮ ከቆየ ሰነባብቷል። ልብስ ሰፊዋ ሻዩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። አባባ ቀና ብለው አዩዋትና ማሽኑን በአገጫቸው አመለከቱ። "አፉ... የት ነው?" አሉ።

ዲስክ ማስገቢያ እንደሌለው ለመናገር አፈረች። የሚያፍረው ሌላ ሰው መሆን ነበረበት፤ እሱ ግን ኮሪደሩ ላይ ሆኖ ይስቃል።

ነገሩ የጨዋታ ነገር መስሎ የታየው ለባንከሩ ብቻ ነበር። አባባ ሠላሳ አንድ ዓመት ከባድ መኪና ነድተዋል። ከሆስፒታል ሲወጡ ሐኪሟ ጣቶቻቸው በየቀኑ እንዲሠሩ የሚጨመቅ የላስቲክ ኳስ ሰጠቻቸው። እሳቸው በመስኮት ወረወሩት። ልብስ ሰፊዋ ዘወር ዘወር ብላ አንድ ያገለገለ የጌም ማሽንና ጥቂት ዲስኮች አመጣች። ኳስ ጨዋታዎቹን አባባ ዞር ብለውም አላዩአቸው። አንዱ ዲስክ ግን የጭነት መኪና መንዳት ነበር፤ ከወደብ ጭኖ መነሣት፣ ዳገትና ቁልቁለቱን ማለፍ፣ ተሳቢውን በኋሊት ማስገባት። የመጀመሪያዎቹን ወራት ተሳቢው ያልገባበት ቦይ የለም። ቀስ በቀስ ግን ቀኝ አውራ ጣታቸው መንቃት ጀመረ፤ ከአውራ ጣቱም ጋር አፋቸው። ሐኪሟ ፊት ሦስት ቃል የማይሞላላቸው ሰው መሪ ሲይዙ "ያዝ፣ ያዝ፣ በማርሽ ውረድ እንጂ በፍሬን አትውረድ" እያሉ ስክሪኑን ይቆጡታል። "ይህ እጅ ጥቂት ሳምንት ካረፈ ተመልሶ ይቆለፋል፣ ያኔ ለእኔም ከባድ ነው" ብላቸዋለች ሐኪሟ። ልብስ ሰፊዋ ይህን ቃል አልረሳችም።

ባንከሩ ስልኩን ዘግቶ እጁን እያፋተገ ገባ። ክፉ ሰው አይደለም፤ ክፉ ቢሆን ይሻል ነበር፣ ቁርጡ ይታወቅ ነበር። ማሽኑን ከአባባ ጭን ላይ አነሣ፣ ከቴሌቪዥኑ ጋር አገናኘው፣ በራሱ ስም አካውንት ከፈተ፣ ፓስወርዱንም ለማንም ሳይነግር ጻፈው። "በሉ፣ የጨዋታውን ስም ንገሩኝ፣ አሁን አወርደዋለሁ" አለ። እህቱ ነገረችው። ጻፈ፤ ፈለገ፤ እንደገና ጻፈ። ስክሪኑ ላይ አንዲት መስመር ወጣች፤ ይህ ጨዋታ ከመደብሩ ተነሥቷል፣ ከእንግዲህ አይሸጥም ትላለች። ባንከሩ ጆሮ ግንዱን አከከ። "ፈቃዱ አልቆበት ይሆናል። ምንም አይደል፣ ከሱ የተሻለ እናወርዳለን።" አዲስ የእሽቅድምድም መኪና አወረደ፤ ቀይ፣ ዝቅ ያለ፣ ሲነሣ የሚጮኽ። ጆይስቲኩን አባባ እጅ ላይ አኖረው። መኪናዋ አንድ ጊዜ ተሽከረከረችና ግንብ መታች። ሁለተኛም መታች። አባባ ጆይስቲኩን ቀስ ብለው ሶፋው ላይ አስቀመጡት።

"ደግ ነው" አሉ።

በዚያ ቤት "ደግ ነው" ማለት በቃ ማለት ነበር። ሚስታቸው የሞቱ ዕለት፣ ከሥራ የተሰናበቱ ዕለት፣ ያሉት ይህንኑ ነው። ባንከሩ ግን ቃሉን እንደ ምስጋና ተቀበለ፤ ስብሰባ አለብኝ፣ ማታ መጥቼ አያለሁ ብሎ፣ ከረባቱን እያስተካከለ ወጣ። አባትና ልጅ ቀሩ። ስክሪኑ ላይ ቀይዋ መኪና ግንቡ ሥር ቆማ ሞተሯ ያጓራል። አባባ ቀኝ እጃቸውን በግራቸው ይዘው ጭናቸው ላይ አስቀመጡት፤ ሰው የተኛ ሕፃን እንደሚያስቀምጥ። ልብስ ሰፊዋ ይህን ስታይ ንዴት መጣባት፣ ንዴቱ ደግሞ ለሥራ የሚሆን ደህና ንዴት ነበር። ነገ አላለችም። ዛሬ አለች። ነጩን ማሽን ነቅላ ከነካርቶኑ የጨርቅ መያዣ ዘንቢሏ ውስጥ ከተተችው።

"ወዴት?" አሉ አባባ።

"ላስተካክለው ነው አባባ። ምሳዎት ምድጃው ላይ ነው፣ ስልኩ እዚሁ አጠገብዎት ነው" አለች። ላስተካክለው ማለቷ ውሸትም አልነበረም፣ እውነትም አልነበረም።

መንገድ ላይ ሆና የምትሠራበት የልብስ ስፌት ቤት ባለቤት ጋ ደወለች። አርባ የትምህርት ቤት ሸሚዝ ኮሌታ እየጠበቃት ነው። ሴትዮዋ፣ "ዛሬ ነው የምትቀሪው? ዛሬ?" ብለው ጮኹ። "ዛሬ ነው እትዬ። ነገ ማልጄ ገብቼ አንድ ሳይቀር እጨርስልዎታለሁ" አለች፤ ሴትዮዋም ግትርነቷን ስለሚያውቁ፣ ከገባች እንደምትጨርስም ስለሚያውቁ፣ እያጉረመረሙ ዘጉት።

ያገለገለ ዕቃ የሚሸጥበት ሕንፃ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ሱቆቹ እንደ መሳቢያ ተደርድረዋል፤ አንዱ ቻርጀር ብቻ፣ አንዱ የተሰበረ ስክሪን ብቻ ይዟል። የጌም ሱቁ ባለቤት ጆሮው ላይ ቀጭን ብሎን መፍቻ የሰካ፣ እየሠራ የሚያወራ ጎልማሳ ነው። ትናንት ማሽን የሸጠ ሰው እንዳለ ስትጠይቀው ከረባት ያሰረውን ሰው ወዲያው አስታወሰ። "ዋጋ እንኳ አልተከራከረኝም፣ እንዲህ ያለ ሰው በዓመት አንድ ጊዜ ነው የሚመጣው" አለ። አሮጌው ማሽን መስታወቱ ውስጥ ነበር፤ በአልኮል ተወልውሎ ጥቁረቱ ያበራል። ቤት ሳለ ክዳኑ ላይ ተለጥፎ የነበረው ፕላስተር ተነሥቷል። ልብስ ሰፊዋ የቤቷን ዕቃ በሰው መስታወት ውስጥ አየችው።

"ውስጡን አጥፍቼዋለሁ" አለ ባለሱቁ። "የሰው ጉድ ይዞ ዕቃ አልሸጥም። የተጫወቱት፣ ያስቀመጡት፣ ሁሉም ሄዷል።"

"ዲስኮቹስ?"

"ኳሶቹን ጌም ቤት ወሰደልኝ። የጭነት መኪናውን ግን..." ሳቅ አለ። "እሱን ፋርማሲስቱ በሩጫ መጥቶ ወሰደው። ያ ሰውዬ አንድ ጌም ከኢንተርኔቱ መደብር ጠፋ ሲባል እንቅልፍ የለውም። ዲስኩ ብቻ ነው የቀረው ማለት ነዋ! ከታች፣ ከጫማ ጠጋኞቹ አልፈሽ ያለው መድኃኒት ቤት።" ከዚያ ዓይኑ ዘንቢሏ ውስጥ ባለው ካርቶን ላይ አረፈና ድምፁ ለሰለሰ። "አዲሱን ካመጣሽልኝ በአሮጌው እለውጥልሻለሁ፣ ልዩነቱንም እመልስልሻለሁ። ግን አሮጌውን የሚፈልግ ሰው ስምንት ሰዓት ላይ ይመጣል፣ ቃል ሰጥቼዋለሁ። ከዚያ በፊት ከመጣሽ ያንቺ ነው።"

ያኔ አምስት ሰዓት ሊሆን ጥቂት ደቂቃ ቀርቶታል።

መድኃኒት ቤቱ ውስጥ ሰልፍ ነበር። የሚያስል ሰው፣ ማዘዣዋን የጣለች ሴት፣ የሆድ ቁርጠቱን ለቤቱ ሁሉ የሚያብራራ ሽማግሌ። ልብስ ሰፊዋ ተራዋ እስኪደርስ ሁለት ሰዓት ያህል ጠበቀች። ፋርማሲስቱ ስድሳ የዘለሉ፣ መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቅለው መነጽራቸውን የሚፈልጉ ሰው ናቸው። የመጣችበትን ስትነግራቸው ፊታቸው ቅጭም አለ። "እሱ የሚሸጥ አይደለም" አሉ። "የሚቀጥለው!" የሚቀጥለው ሰው ግን መቅረብ አልቻለም፤ ልብስ ሰፊዋ ከመስኮቱ አልተነቃነቀችም። "አባቴ ሕመምተኛ ናቸው፣ እጃቸውን የሚያሠሩበት በሱ ነው" አለች። ፋርማሲስቱ ሕመምተኛ የሚለውን ቃል ሲሰሙ በልማድ መነጽራቸውን አወረዱ። ረዳታቸውን መስኮቱ ላይ ተክተው ወደ ጓዳ ወሰዷት።

ጓዳው ከወለል እስከ ጣራ የመድኃኒት መሳቢያ ነው፤ ግማሹ ግን መድኃኒት አልያዘም። ዲስኮቹ በየፊደላቸው ተሰድረው፣ እያንዳንዱ በላስቲክ ተጠቅልሎ፣ ላዩ ላይ በመድኃኒት መለያ ወረቀት ሁለት ቀን ተጽፎበታል፤ የወጣበት ቀንና ከመደብሩ የተነሣበት ቀን። "መድኃኒት ጊዜው ሲያልፍ እናቃጥላለን" አሉ ፋርማሲስቱ፣ ድንገት ጉጉት ይዟቸው። "እነዚህን ግን ማንም ሳይነግርሽ ያጠፉብሻል። ዛሬ ገዝተሽው ነገ የለም። የገዛሽው መስሎሽ እንጂ የተዋስሽው ነበር። ዲስክ ካለሽ ግን ማንም ቤትሽ ገብቶ አይወስድብሽም።"

"ከእኛ ቤት ግን ገብቶ ወሰደው" አለች። "ወንድሜ ነው የሸጠው።"

ፋርማሲስቱ መሳቢያ ሳቡ። ዲስኩን ከነማህደሩ አወጡት። "ዲስኩ ጥሩ ነው። ሽፋኑ ግን ተበላሽቷል፣ የጻፈበት አለ። አዲስ አሳትምለታለሁ ብዬ..." የሽፋኑን ወረቀት አውጥተው ገለበጡላት። ጀርባው ከዳር እስከ ዳር በእስክሪብቶ ተጽፎበታል። የሹፌር የጉዞ መዝገብ ነው። የመጀመሪያዎቹ መስመሮች ጽሑፍ አይባሉም፤ ይወጣሉ፣ ይወርዳሉ፣ ከወረቀቱ ያመልጣሉ። ዝቅ ሲል አንድ ፊደል ተለየ፣ ከዚያ ቃል። "መነሻ ወደብ። ጭነት ጡብ። ጉዳት አጥር።" ዝቅ ሲል፣ "ጭነት እንጨት። ጉዳት የቀኝ መስታወት።" ከሁሉም በታች፣ ያለፈው ሳምንት ቀን አለበት፣ ጽሑፉ ጠማማ ቢሆንም ለማንም ይነበባል። "ጭነት ሲሚንቶ። ጉዳት የለም።" ሥሩ ላይ አባባ ፈርመዋል፤ የድሮ ፊርማቸውን፣ ያንን ጅራቱ ረጅም የሆነውን።

ልብስ ሰፊዋ ጽሑፉን ደግማ አነበበችው። ሁለት ዓመት ሙሉ በየወሩ ጡረታ ቢሮ ወስዳቸዋለች። ሁለት ዓመት ሙሉ ጸሐፊው ወረቀቱን ሲያቀርብ፣ በፊርማቸው ፈንታ አውራ ጣታቸውን ራሷ ይዛ ቀለሙ ላይ ጭናዋለች። ይችላሉ ወይ ብላ አንድ ቀን ጠይቃቸው አታውቅም። እሳቸውም እጃቸውን አልነጠቋትም። ዝም ብለው ቀለሙን በመሐረብ ይጠርጉ ነበር። እዚያው ጓዳ ውስጥ አለቀሰች፣ ለፋርማሲስቱ ሳታፍር፣ ከዚያ ፊቷን በክንዷ ጠረገችና ወደ ጉዳይዋ ተመለሰች።

"ይስጡኝ" አለች።

"እህቴ፣ ያለኝ አንድ ነው። ከተጫጫረ በኋላ የት አገኘዋለሁ? እኔ እኮ የማስቀምጠው..."

"ለማን ነው የሚያስቀምጡት?"

"ለማን ማለት... ለሚፈልገው ሰው ነዋ።"

"እሺ፤ የሚፈልገው መጣ።"

ፋርማሲስቱ መሳቢያዎቻቸውን አንድ በአንድ አዩ። ከዚያ ሳቃቸው መጣ፤ በራሳቸው ላይ ነበር የሚስቁት። "ሃያ ዓመት ሙሉ ይሄን የጠየቀኝ የለም" አሉ። ለባለሱቁ የከፈሉትን ያህል ብቻ ተቀብለው ሰጧት፣ የተጻፈበትን ሽፋን ሲከቱ ግን እጃቸው የመድኃኒት ብልቃጥ እንደሚይዝ ነበር። በሩ ድረስ ሸኝተዋት፣ "ደረቅ ጨርቅ አይንካው!" እያሉ ከኋላዋ ጮኹ።

ሱቁ ስትደርስ ስምንት ሰዓት ሊሞላ ሩብ ጉዳይ ነበር። ባለሱቁ ነጩን ማሽን ከካርቶኑ አውጥቶ መረመረው፣ አሮጌውን ከመስታወቱ አወረደው፣ የልውውጥ ወረቀቱን ሞላ፣ እስክሪብቶውን አቀበላት። ልብስ ሰፊዋ ስሟን ልትጽፍ ጎንበስ አለችና እጇ ቆመ። ነጩ ማሽን የማን ነው? የአባባ ነው። ተሰጥቷቸዋል። ታዲያ እሷ አሁን የምታደርገው ወንድሟ ትናንት ካደረገው በምን ይለያል? ለጥቅማቸው ነው ብትል እሱም ያለው ይህንኑ ነው። እስክሪብቶውን አስቀመጠች።

"ልደውል" አለች።

"እህቴ፣ ሰውየው ደረጃው ላይ ሊሆን ይችላል እኮ።"

ስልኩ አምስቴ ከጠራ በኋላ ተነሣ። የሚሰማው ትንፋሽ ብቻ ነው። "አባባ፣ እኔ ነኝ። ዲስኩን አግኝቼዋለሁ። አሮጌው ማሽን ግን ሁሉን ረስቷል፣ መኪናዎ፣ ጋራዡ፣ ሁሉም ጠፍቷል፤ ከትንሿ መኪና ነው የሚጀምሩት። እሱን ለማግኘት ልጅዎ የሰጠዎትን ነጩን መስጠት አለብኝ። ልስጠው?" ትንፋሹ ቀጠለ። "ል..." አሉና ቆሙ። ቤተሰቡ ለአባባ ዓረፍተ ነገር መጨረስ ልማዱ ነው፤ እሳቸው ውሃ ለማለት "ው" ሲሉ ውሃው ይቀርባል። ልብስ ሰፊዋም ምላሷ ጫፍ ላይ ሁለት ቃል ደርሶ ነበር፣ ልስጠው? ልተወው? ጥርሷን ነክሳ ዋጠቻቸው። ባለሱቁ ሰዓቱን አየ። ደረጃው ላይ እግር ተሰማ።

"ልጁ... ይከፋዋል" አሉ አባባ።

"ይከፋው ይሆናል አባባ።"

እግሩ ኮሪደሩ ላይ ደረሰ። ባለሱቁ በጣቱ መስታወቱን መታ መታ አደረገ። ልብስ ሰፊዋ እጇን አንሥታ አስቆመችው፤ ሰው እንዲህ ሲያስቆመው የመጀመሪያው ሳይሆን አይቀርም፣ ጣቱን ሰበሰበ።

"ለውጪው" አሉ አባባ። ቀጥለውም፣ ሳይንተባተቡ፣ "እኔ እነግረዋለሁ።"

ፈረመች። ሰውየው ሲገባ ዘንቢሉ ዚፑ ተዘግቶ ትከሻዋ ላይ ነበር።

ባንከሩ ከሥራ ሲመለስ ገና ጸሐይ ሳሎኑ ውስጥ ነበረች። ጥቁሩን ማሽን አየ፣ ነጩን ፈለገ፣ ሶፋው ሥር ሳይቀር ጎንበስ ብሎ አየ። ከዚያ ገባው። "ስጦታዬን ሸጥሽው?" አለ እህቱን። "ስንት ወር አጠራቅሜ የገዛሁትን? ያን ቆሻሻ ለመመለስ? ማነው ሽጪው ያለሽ?"

ልብስ ሰፊዋ ልትመልስ አፏን ከፈተች።

"እኔ" አሉ አባባ።

ዓይናቸውን ከስክሪኑ አልነቀሉም። ትንሿን መኪና፣ ጀማሪ የሚነዳትን ከነአንዲት አጭር ተሳቢዋ፣ በሁለት ግንብ መካከል በኋሊት እያስገቡ ነበር። ቀኝ አውራ ጣታቸው ይንቀጠቀጣል፣ ግን አልለቀቀም። ባንከሩ እህቱን አየ፣ አባቱን አየ። ንዴቱ የሚያርፍበት አጣ። "አባባ፣ እኔ እኮ... ለእርስዎ ብዬ ነው። አዲስ እንዲኖርዎ ብዬ ነው።"

"አውቃለሁ" አሉ። ተሳቢው ግንቡን ነካ። ወደ ፊት መለሱት። ከዚያ ቃሉን አንድ አንድ እያደረጉ፣ ማንም ሳይጨርስላቸው፣ "አልጠየቅከኝም" አሉት።

ልብስ ሰፊዋ ይህ ቃል ለእሷም ጭምር መሆኑን ታውቃለች፤ አንገቷን ደፋች። ባንከሩ ጆሮው ድረስ ቀላ። ሊሄድ በሩን አየ፤ ቦርሳውን ከአንድ እጁ ወደ ሌላው አዛወረ። ከሶፋው አጠገብ፣ ሁልጊዜ ሲመጣ ዘው ብሎ የሚቀመጥባት ወንበር አለች። ዛሬ አልተቀመጠም።

"አባባ" አለ፣ ድምፁ አንሶ፣ "ልቀመጥ?"

አባባ መሪውን ወደ ግራ፣ ከዚያ ወደ ቀኝ፣ በማርሽ፣ ቀስ ብለው። ተሳቢው ዳግመኛ ግንቡን ሊነካ ሲል አቆሙት፣ ወደ ፊት መለሱት፣ እንደገና ጀመሩ። ባንከሩ ቦርሳውን እንደያዘ ቆሞ ጠበቀ። እህቱም ቆማ ጠበቀች። ሦስተኛው ላይ ተሳቢው ቀጥ ብሎ ገባ። አባባ የእጅ ፍሬን ሳቡ፣ ሞተሩን አጠፉ፣ ልጃቸውን ቀና ብለው አዩት።

"አሁን ተቀመጥ" አሉት።

ተቀመጠ።